«ሃ» እና «ሻ»

እመቤት እባላለሁ፤ ሞላሌ ሒሳብ አስተምራለሁ። የግሼ ራቤል ልጅ ነኝ። «የግሼ ሰው አፉ አያርፍም» እያሉ የሚያሾፉብኝ ባልደረቦች ስላሉኝ አስቀድሜ ልመንላቸው፤ አፌ አያርፍም። ሆኖም በዕድሜዬ አንድ ጊዜ፣ ያውም መጮህ ሥራዬ በሆነበት ሰዓት፣ ዝም ብያለሁ። ዛሬ የማወራችሁ እንዴት ዝም እንዳልኩ ነው።

አብራኝ የምትኖረው ትሕትና መኳንንት የአማርኛ መምህርት ናት። ስሟ ትሕትና ይሁን እንጂ ሰዋስው ላይ ትሕትና የሚባል ነገር አልፈጠረባትም። ተማሪ ቢሳሳት ታርማለች፤ ርእሰ መምህሩ ቢሳሳት ታርማለች። አከራያችንን እትዬ ፋንታዬን እንኳ «እነሱ መጣ አይባልም እትዬ፤ እነሱ መጡ ነው» ትላቸዋለች። እሳቸውም «መጡም መጣም፣ አንቺ በሩን ዝጊው፤ ብርድ ገባ» ይሏታል። ቆንጆ ናት፤ ግን ቆንጆነቷን እንደ ትርፍ ነገር ትታ የምትሄድ ዓይነት ሰው ናት። እኔ ብሆን አልተወውም ነበር።

ገብሱ ታጭዶ ወደ አውድማ በሚጋዝበት በታኅሣሥ ወር፣ ይሥሐቅ የሚባል ፊልም ሠሪ ከአዲስ አበባ መጣ። ጃኬት በጃኬት ላይ ደርቦም የሚንቀጠቀጥ ቀጭን ልጅ ነው። «የሙከራ ፊልም ልሠራ ነው» ሲል እትዬ ፋንታዬ ከልባቸው አዘኑለት። «ምስኪን፣ ሞክሮ ሲሆንለት ቢመጣ ምን ነበረበት» አሉና የገብስ ቂንጬ በቅቤ አሽተው ሰጡት። እሱም ሳይከራከር በላ።

ፊልሙ እንዲህ ነው። አንድ ወንድ፣ አንዲት ሴት፣ አንድ ባና። ባና የእኛ ደጋ ሰው ከበግ ጠጉር የሚያሠራው ወፍራም ልብስ ነው፤ ውርጭ የማይደፍረው። ባናውን የለበሰ «እሱ» ነው፤ ያልለበሰ «እሷ» ናት። መጀመሪያ ወንዱ ለብሶ ይጫወታሉ። ቀጥሎ ባናውን ለሴቷ ያለብሳትና ያንኑ ንግግር ቦታ ተለዋውጠው ይደግሙታል፤ ሴቷ «እሱ» ትሆናለች፣ ወንዱ «እሷ» ይሆናል። ሰው ሌላ ሰው ሆኖ ሲናገር የራሱ ፍላጎት የት እንደሚገባ ማየት እፈልጋለሁ አለ ይሥሐቅ። እኔ የሒሳብ ሰው ነኝ፤ ቦታ መለዋወጥ አይከብደኝም። ሌላው ሰው ግን «እና አሁን ማን ማነው?» እያለ አስቸገረው።

ንግግሩ አጭር ነበር። «ብርድ ነው፤ ምን ልትሠሪ መጣሽ?» ይላል እሱ። «ላይህ ነዋ» ትላለች እሷ። «አየሽኝ፤ ተመለሽ እንግዲህ።» «እወድሃለሁ፤ የት ልመለስ?» «እኔም እወድሻለሁ፤ ግን ሰው አለ።» በቃ፣ ይኸው ነው። በየቦታው ይደጋገማል፤ በጓሮ፣ በገደሉ አፋፍ፣ በአውድማ።

ትሕትና የትምህርት ቤታችንን የድራማ ክበብ ስለምትመራ እሷን መረጣት። እኔን ደግሞ ድምፄን ሰምቶ ጽሑፍ ያዥ አደረገኝ። ሥራዬ ቃል ሲስቱ መጮህ ነው። «ሃ» መባል ሲገባው «ሻ» ከተባለ «ሃ!» ብዬ እጮኻለሁ፤ «ሻ» መባል ሲገባው «ሃ» ከተባለ «ሻ!» ብዬ እጮኻለሁ። ሳምንት ሳይሞላ ሰፈሩ ሁሉ «ሃሻ» ብሎ ስም አወጣልኝ፤ ገበያ ስወጣ ሳይቀር በዚያው ይጠሩኛል።

ወንዱን ያገኘው ገበያ ነው። ባና ሊገዛ ሄዶ ሸማኔውንም አብሮ ይዞት መጣ ማለት ይቀላል። ሸማኔው ምንይሉ ነው። ስሙን ያወጡለት እናቱ ናቸው። «መካን ናት» እያለ ሰው ሲያማቸው ኖረው፣ በስተርጅና ወንድ ልጅ ታቀፉና «እስቲ አሁን ምን ይሉ!» አሉ፤ በዚያው ጸና። ዝምተኛ ልጅ ነው፤ ሲስቅ ግን ከዓይኑ ነው የሚጀምረው። ከትሕትና ጋር እስከ አሥረኛ ክፍል ጎን ለጎን ተቀምጠው ተምረዋል። «ሱፍ ሱፍ ትሸታለህ» እያሉ ሌሎቹ አፍንጫቸውን ሲይዙ እሷ ይዛ አታውቅም። በኋላ እሷ ደብረ ብርሃን ዩኒቨርሲቲ ገባች፤ እሱ አባቱ ሲሞቱ መወርወሪያውን አነሣ። ከዚያ ወዲህ መንገድ ላይ ሲገናኙ «ደህና ነሽ?» «ደህና ነህ?» ይባባሉና ሁለቱም መሬት መሬት እያዩ ያልፋሉ። እኔ ዓይን አለኝ፤ ይኼን ሁሉ አይቻለሁ።

አሁን ችግሩን ልንገራችሁ። የትሕትና አባት አቶ መኳንንት አጥንት ቆጣሪ ናቸው። ዘራቸውን ወደ ላይ መቁጠር ከጀመሩ እራት ይቀዘቅዛል። ሸማኔ በሠራው ባና ተጠቅልለው እያደሩ ሸማኔ ግን ከደጃቸው እንዲያልፍ አይወዱም። ምንይሉንም በስሙ ጠርተውት አያውቁም፤ «ያ የሸማኔ ልጅ» ነው የሚሉት። ለልጃቸው ደግሞ ከደብረ ብርሃን ሽማግሌ ተልኮባቸዋል። ወንድምአገኝ የሚባል መሐንዲስ ነው። ክፉ ሰው ቢሆን ነገሬ ይቀለኝ ነበር፤ ምን ያደርጋል፣ ጨዋ ልጅ ነው። አቶ መኳንንት «ለጥምቀት ሰሞን ቃሌን እሰጣለሁ» ብለው ሽማግሎቹን ቀጥረዋል። ትሕትና እሺም እምቢም አላለችም። ወንድሞቿን ለእርሻ አስቀርተው እሷን ያስተማሯት እሳቸው ናቸው፤ እንዴት ብላ በሰው ፊት ታዋርዳቸው? እስከዚያ አፏን ካልከፈተች ግን ተዳረች ማለት ነው።

ቀረጻው ተጀመረ። ምንይሉ ባናውን ለብሶ «እሱ» ሲሆን ነገሩ ሁሉ አማረ። «እኔም እወድሻለሁ፤ ግን ሰው አለ» ሲላት ተመልካቹ ጸጥ አለ፤ አንዲት ሴትዮ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ። ቀጥሎ ባናውን አወለቀና ለትሕትና አለበሳት። ትከሻዋ ላይ ሲያስተካክለው እጁ ትንሽ ቆየ። ወይ እኔ መስሎኝ ይሆናል፤ ግን ቆየ።

«ብርድ ነው፤ ምን ልትሠሪ መጣሽ?» አለችው በወንድ ድምፅ ሳይሆን በራሷ ድምፅ፤ ይሥሐቅ እንዲያ ነው ያዘዛቸው።

«ላይህ ነዋ» አላት።

«አየሽኝ፤ ተመለሽ እንግዲህ።»

«እወድሻለሁ፤ የት ልመለስ?»

«ሃ!» ብዬ ጮኽኩ። ሰው ሣቀ። እሱም ሣቀና እንደገና ጀመሩ። እዚያው ቦታ ሲደርስ «እወድሻለሁ» አለ። «ሃ!» አልኩ። ደግሞም ተሳሳተ። ያን ቀን ጉሮሮዬ እስኪነቃ ጮኽኩ፤ በማግስቱም ያው ነበር። በመጨረሻ የመምህርነቷ ዛር ተነሣባትና ትሕትና ባናውን እንደለበሰች ወገቧን ይዛ ሣቀች። «ምንይሉ፣ የወንድና የሴት ዝርዝር ዘጠነኛ ክፍል ተምረነው የለም እንዴ? አንተማ ያኔም መስኮት መስኮት ነበር የምታየው» አለችው።

ክፋት አልነበረባትም፤ እንደ ድሮ ጓደኛ ነው የቀለደችበት። ግን ከተመልካቹ መካከል አንዱ ተቀበላትና «ሸማኔ ክር እንጂ ፊደል ምን ያውቃል» አለ። ሰው አስካካ። የትሕትና ሣቅ ፊቷ ላይ ደረቀ። ምንይሉ ዝቅ ብሎ የባናውን ጫፍ ከአቧራው አነሣላትና፣ «ይቅርታ መምህርት፤ ካሁን በኋላ አልሳሳትብዎትም» አላት።

አልሳሳትብሽም አላለም። አልሳሳትብዎትም ነው ያለው። እኩያዋ፣ አብሮ አደጓ፣ በሰው ፊት አንቱ አላት።

እንዳለውም አልተሳሳተም። «እወድሃለሁ፤ የት ልመለስ?» ይላል፤ ፊደሉ አይዛነፍ፣ ድምፁ አይንቀጠቀጥ። እኔ ሥራ ፈታሁ። ይሥሐቅ ግን ካሜራውን እያየ ራሱን ያክ ጀመር። «አሁን ትክክል ሆነ፤ ግን ሞተብኝ» አለኝ። ባናው ሲቀያየርም ምንይሉ ከርቀት አጣጥፎ ያቀብላታል እንጂ አያለብሳትም። እሷ ራሷ ትለብሰዋለች፤ ስትለብሰውም ከበፊቱ ይበልጥ የሚበርዳት ትመስል ነበር።

አንድ ቀን አመሻሹ ላይ ቤት ስገባ አልጋዋ ላይ ተቀምጣ የተማሪ ደብተር ይዛ አገኘኋት። ቀዩ እስክሪብቶ እጇ ላይ ነው፤ ግን አንድም አላረመችም። ምን ሆንሽ አልኳት። «እርስዎ ይለኛል» አለችና ማልቀስ ጀመረች። ሰው «እርስዎ» ተብሎ እንዲህ ሲያለቅስ አይቼ አላውቅም፤ ተማሪዎቼ እርስዎ ሲሉኝ እኔ ደስ ነው የሚለኝ። እንግዲህ ያን ጊዜ ነው ቁጭ ብዬ ያሰብኩት። እኔ ነገሮችን ደርድሬ ካላየሁ አይገባኝም።

ልብ ብለሽ ነበር አልኳት። «ላይህ ነዋ» ሲል አንድም ቀን ተሳስቶ አያውቅም። ቃሉም እኮ የወንድ ነው፤ ቢሳሳት «ላይሽ ነዋ» ይል ነበር። ሌላው ሁሉ ልክ ሆኖ አፉ እንቢ የሚለው አንዲት ቃል ላይ ብቻ ነው። ፊደል ያላወቀ ሰው ሁሉንም ይሳሳታል፤ አንዱን ብቻ የሚሳሳት ሰው ሌላ ነገር አለበት። «ወይ እመቤት» አለችና ቀዩን እስክሪብቶ ደብተሩ ላይ ጣለችው። «እኔ እኮ አረምኩት። እየሣቅኩ አረምኩት።» ከዚያ ወዲያ ምን ብላት አትሰማኝም። ቀስ ብዬ ባናዋን ደረብኩላት፤ እሱም ባና ለካ የምንይሉ ሥራ ነው።

በማግስቱ ከትምህርት ስንወጣ ወደ ቤቱ ሄድን፤ ብቻዋን መሄድ አልቻለችምና እኔ ሽፋን ሆንኩ። ምንይሉ እግሩን ከሽመናው ጉድጓድ ውስጥ ከትቶ ይሠራ ነበር። ሲያየን ተነሥቶ እጁን በቁምጣው ጠረገና መደቡ ላይ አጎዛ አነጠፈ። «ይቀመጡ መምህርት» አላት። ወደ እኔ ዞሮ ደግሞ «አንቺም ቁጭ በይ እንጂ ሃሻ» አለኝ። ይኼ ነው እንግዲህ፤ ለእኔ «አንቺ»፣ ለእሷ «እርስዎ»። በገጀራ ቢመታት ይሻላት ነበር።

ትሕትና ያን ቀን በሰው ፊት ስለተናገረችው ይቅርታ ጠየቀችው። እንደ ድሮው አንቺ በለኝ ብላም ለመነችው። ምንይሉ መወርወሪያውን አገላበጠ።

«እርስዎ አልተሳሳቱም» አላት። «መስኮት መስኮት ታይ ነበር ብለውኛል። እውነት ነው። ግን መስኮቱ ጋ ይቀመጡ የነበሩት እርስዎ ነበሩ።»

እኔ አጎዛው ላይ ያልነበረ ቆሻሻ ስለቅም ቆየሁ።

«ለጥምቀት ቃል ይሰጣል ሲባል ሰምቻለሁ» አለ ቀጥሎ። «ሰውየው ደግ ነው ይላሉ። እኔ በውኔ ልለው የማልችለውን ፊልሙ ውስጥ ስል ትንሽ ደስ ብሎኝ ነበር፤ ትወና ነው ብዬ። እንግዲህ እሱም ታረመልኝ። ለሠርግዎ ጥሩ ባና እሠራልዎታለሁ፤ ከጥቁር በግ።»

እንዲህ ያለው ሊያቆስላት አይደለም፤ ያለውን ሊሰጣት ነው። ለዚህም ነው የባሰው። ወጥተን መንገድ ስንይዝ፣ ልነግረው ነበር የሄድኩት አለችኝ። ታዲያ ምን ያዘሽ አልኳት። «ቃል አጣሁ» አለች የአማርኛ መምህርቷ። «አንድ ነገር ልል አፌን ስከፍት አባዬ ይመጡብኛል። እርስዎ ሲለኝ ደግሞ የምመልስበት ሰዋስው የለኝም።»

የመጨረሻው ቀረጻ ለጥምቀት ዋዜማ ቀናት ሲቀሩት በአውድማ ላይ ሆነ። ገበሬዎቹ ውቂያውን ጨርሰው ገለባውን እያነሡ ነው፤ ፀሐይ ገና አልጠለቀችም፣ ብርዱ ግን ቀድሟት ገብቷል። ይሥሐቅ ከዚህ ወዲያ መመለሻ የለኝም፣ ነገ መኪናዬ ይነሣል ብሎናል። ምንይሉ ባናውን አጣጥፎ አቀበላትና ትሕትና ለበሰችው። «እሱ» እሷ ነበረች።

ያን ጊዜ አቶ መኳንንት በበቅሎ ከተፍ አሉ። ሽማግሎቹ ነገ ስለሚመጡ ልጃቸውን ወደ ቤት ሊወስዷት ነው። ወሬም ደርሷቸዋል መሰለኝ፤ ምንይሉን ሲያልፉ እንደ ድንጋይ አዩት። «እስኪጨርሱ ልይ እስቲ» አሉና ከእኔ ጎን የገብስ ስልቻ ላይ ተቀመጡ። ምን እየሆነ እንደሆነ ጠየቁኝ፤ አስረዳኋቸው።

«ስለዚህ አሁን ልጄ ወንድ ናት?»

በፊልሙ አዎ ጋሼ አልኳቸው።

«ያ የሸማኔ ልጅስ?»

እሱ ደግሞ «እሷ» ነው አልኳቸው። ጺማቸው ውስጥ ፈገግ አሉ። ሥራሽስ ምንድን ነው ሲሉኝ፣ ቃል ሲስቱ መጮህ ነው ብዬ ስለ «ሃ» እና ስለ «ሻ» ነገርኳቸው። ይኼ ደስ አላቸው። ልጃቸው ቃል እንደማትስት አውቀው ባርኔጣቸውን አስተካከሉና ጀርባቸውን ቀና አደረጉ።

ይሥሐቅ እጁን አነሣ።

«ብርድ ነው፤ ምን ልትሠሪ መጣሽ?» አለች ትሕትና።

«ላይህ ነዋ» አለ ምንይሉ መሬት እያየ።

«አየሽኝ፤ ተመለሽ እንግዲህ።»

«እወድሃለሁ፤ የት ልመለስ?» አለ። ፊደሉ አልተዛነፈም። ከሽመናው ላይ ተስተካክሎ እንደወጣ ክር ነው ያለው።

ቀሪው የእሷ ነው። ትሕትና አየችው። እሱም ቃሉ ሲዘገይበት ቀና አለ፤ አንቱ ካላት ቀን ወዲህ ዓይን ለዓይን ሲተያዩ የመጀመሪያቸው ነበር።

«እኔም እወድሃለሁ» አለች።

ሃ አለች። ባናውን ለብሳ፣ «እሱ» ሆና፣ ለ«እሷ» እየተናገረች፣ ሃ አለች። በዕድሜዋ ሌላውን ስታርም የኖረችው ልጅ ተሳሳተች። ራሷም ሰማችው፤ እጇ ወደ አፏ ሄደ። «ግን ሰው አለ» የሚለው አልተከተለም። ሰው ግን ነበረ፤ አውድማው ሙሉ ሰው። ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ። «ሻ!» ማለት ሥራዬ ነው፤ አንዲት ፊደል ናት፤ ብጮህ ሰው ይሥቃል፣ እሷም ትደግመዋለች፣ ነገሩ ትወና ሆኖ ያልፋል፣ ነገ ሽማግሎቹ ይመጣሉ። አፌን ከፈትኩ። ከዚያ ዘጋሁት።

አቶ መኳንንት ክንዴን ያዙኝ። «እመቤት፣ ተሳሳተች እኮ» አሉኝ። «ልጄ፣ አርሚያት እንጂ።»

እውነቴን ነው፣ ልቤ ለእሳቸው ተሰበረ። እንዲያ ያለ ትልቅ ሰው በአንዲት ፊደል ሲለምነኝ ምን ልበል? ዝም አልኩ።

ትሕትና እጇን ከአፏ ላይ አወረደች።

«አልተሳሳትኩም አባዬ» አለች። ድምፏ ትንሽ ነበር፤ ግን ክፍል ውስጥ ከመጨረሻው ወንበር የሚሰማ ድምፅ ነው። «የተሳሳተው ባናው ነው።»

ባናውን ከትከሻዋ አወለቀች። ሁለት እርምጃ ሄደችና ምንይሉን አለበሰችው። እሱ የመጀመሪያው ቀን እንዳደረገላት ትከሻው ላይ አስተካከለችው፤ እጇም ቆየ። ይኼኛው እኔ መስሎኝ አይደለም፤ አገር አይቶታል።

«አሁን ታረመ» አለች። «እወድሃለሁ። ሰውም አለ።»

ምንይሉ የባናውን ጫፍ ጨበጠ። ምን ብሎ ይጠራት ይሆን፣ መምህርት ይላት ይሆን፣ እርስዎ ይላት ይሆን እያልኩ ጥፍሬን መዳፌ ውስጥ ቀበርኩ።

«እወድሻለሁ» አለ። «መጀመሪያም እንዲሁ ነበር ያልኩት።»

አቶ መኳንንት ተነሡ። ዱላቸውን ፈልገው አጡት፤ እጃቸው ላይ ነበር። ልጃቸውን አዩ፣ ሰውን አዩ፣ ሰማዩን አዩ። «ነገ ሽማግሎቹ መጥተው» አሉ፤ «ይኼን ሰምተው እንግዲህ… ምን ይሉ…» «ይሆን» የሚለው ጉሮሯቸው ላይ ቀረ።

«አቤት ጋሼ» አለ ምንይሉ።

አስቦ አይደለም። ስሙ ሲጠራ አቤት ማለት የለመደ ጨዋ ልጅ ነው፤ ተጠራሁ ብሎ አቤት አለ። ከዚያ ምን እንደተባለ ገባውና ፊቱ ደም መሰለ። ከኋላ አንዱ ሊሥቅ ሲል ሌላው በክርኑ ጎሸመው። አቶ መኳንንት ግን ባሉበት ቀሩ። ያን ስም በአፋቸው ጠርተውት አያውቁም ነበር። አሁን ሳያስቡት ጠሩት፤ ልጁም በክብር መለሰላቸው። ወደ ላይ የሚቆጥሩት ዘር ሁሉ አልረዳቸውም።

ትሕትና ባናውን ሰጥታ በስስ ሹራብ ቆማ ጥርሷ ይንገጫገጭ ነበር፤ ልትደብቀው ብትሞክርም ይሰማል። አባት ነው እንግዲህ፣ የሰማው ያንን ነው።

«ልጄን ብርድ መታት» አሉ ወደ መሬት እያዩ። ቀጥለውም ወደ እሱ ሳይዞሩ፣ «አልብሳት እንጂ፣ ምን ያስቆምሃል» አሉት።

ምንይሉ ባናውን እንደ ክንፍ ከፈተና አስገባት። እሳቸው በቅሏቸውን ፈትተው ወጡ። ሲያልፉ ቆም አሉና፣ «ለሽማግሎቹ የምለውን እኔው አስብበታለሁ» አሉ። ተስማማሁ አላሉም፣ ልጄ አይደለሽምም አላሉ። ልጃቸውን ሊወስዱ መጥተው ብቻቸውን ነው የተመለሱት። ትሕትና «አባዬ» ስትል ሰምተዋት ዱላቸውን እንደ ስንብት ከፍ አደረጉላት፤ ወደ ኋላ ግን አላዩም፤ ለምን እንዳላዩ ያወቅኩት ትከሻቸው በልቅሶ ሲነቀነቅ ሳይ ነው።

ይሥሐቅ ካሜራውን አላጠፋም ነበር። በብርድ ወይም በሌላ ነገር አፍንጫው ቀልቷል። «እመቤት» አለኝ በሹክሹክታ፤ «ስህተት አለ?»

አየኋቸው። ሁለቱም በአንድ ባና ውስጥ ናቸው፤ በይሥሐቅ ሕግ ማን «እሱ» ማን «እሷ» እንደሆነ መለየት አይቻልም። የትሕትና ፊት ደረቱ ውስጥ ነው፤ ሱፍ ሱፍ የሚሸተው ደረት ውስጥ፣ አፍንጫዋን ሳትይዝ። የለም ማለት ብቻ ነበረብኝ፤ እንባዬ እሱንም አላስወጣ አለኝና ራሴን ብቻ ግራና ቀኝ ነቀነቅኩለት።